ካርዱ ቀይ ካርድ ሲያይ

አርብ ምሽት ነው፡፡ 3 ሰዓት ሊሆን ጥቂት ደቂቃዎች ቀርተዋል፡፡ ገርጂ አካባቢ በሚገኝ አንድ ኮንዶሚኒየም ውስጥ አንድ ወጣት ጆይስቲኩን ጭኑ ላይ አስቀምጦ ቴሌቪዥኑ ላይ አፍጥጧል፡፡ ቡድኑ ዝግጁ ነው፡፡ አጥቂው፣ አማካዩ፣ ተቀያሪው ሁሉም በየቦታው ተሰድረዋል፡፡ ልጁ በሳምንቱ ውስጥ የማጣሪያ ጨዋታዎቹን አሸንፎ በኢኤ ስፖርትስ ኤፍሲ ጌም ከአርብ እስከ ሰኞ ወደሚካሄደው የሻምፒዮኖች ውድድር አልፏል፡፡ የጎደለው አንድ ነገር ብቻ ነው… ኦንላይን የሚያጫውተው የፕሌይስቴሽን ፕላስ ክፍያ፡፡ የዓምናው በዋዜማው አልቆበታል፡፡

ከውጭ አገር ጉዞ የተመለሰው ታላቅ ወንድሙ የሰጠውን የዶላር ቪዛ ካርድ አወጣ፡፡ ቁጥሩን አንድ በአንድ አስገባ፡፡ ‹‹ግዛ›› የሚለውን ተጫነ፡፡ ክቡ ዞረ… ዞረ… ከዚያም ክፍያው ተቀባይነት አላገኘም የሚል ጽሑፍ ብቅ አለ፡፡ ካርዱ ውስጥ ግን ለዓመቱ ክፍያ በቂ ገንዘብ አለ፡፡ ልጁ ፍፁም ቅጣት ምት እንደተከለከለ አጥቂ ሁለት እጁን ወደ ላይ ዘርግቶ ጮኸ፡፡ ደግሞ ሞከረ፤ እምቢ አለ፡፡ ለሦስተኛ ጊዜ ሞከረ፤ አሁንም እምቢ፡፡ ዳኛው ፊሽካውን ነፍቷል፣ ለምን እንደነፋ ግን የሚናገር የለም፡፡

በዊኒንግ ኢለቨን ዘመን ላደገ የከተማ ልጅ ይሄ ነገር ግራ ቢያጋባው አይፈረድበትም፡፡ ያኔ ፕሌይስቴሽን ቤት ማለት ሁለት ሦስት ቴሌቪዥንና አግዳሚ ወንበር የተደረደረበት ጠባብ ክፍል ነበር፡፡ ሕጉም አጭር ነው፡፡ የተሸነፈ ይከፍላል፣ የተሸነፈ ይነሳል፡፡ ክፍያህን አልቀበልም ከተባለ ምክንያቱ አንድ ነው፤ ብሩ ተቀዷል፡፡ ሲዲው ኮፒ፣ ኢንተርኔት የሚባለው ነገር ደግሞ ከጌሙ ጋር የማይተዋወቅ ነበር፡፡

ነገሩ ቀስ በቀስ ተቀየረ፡፡ እ.ኤ.አ በ2006 ፕሌይስቴሽን 3 ሲወጣ የራሱን የኦንላይን ሱቅ ይዞ መጣ፡፡ በ2009 አልቲሜት ቲም የተባለው፣ ተጫዋቾችን በካርድ እየሰበሰቡ ቡድን የሚሠሩበት ጨዋታ ተጀመረ፡፡ በ2013 ፕሌይስቴሽን 4 ሲመጣ እስከዚያ ነፃ የነበረው ኦንላይን መጫወት ለአብዛኞቹ ጌሞች በክፍያ ሆነ፡፡ በ2020 ደግሞ ሲዲ ማስገቢያ የሌለው ፕሌይስቴሽን 5 ገበያ ላይ ዋለ፡፡ ይህንን የገዛ ሰው ከመርካቶም ይሁን ከዱባይ ሲዲ ቢያመጣለት የሚከትበት ቦታ የለውም፡፡ ያለችው በር አንድ ናት፣ እሷም ሱቁ ነች፡፡

በሩ ላይ የሚፈሰው ገንዘብም ቀላል አይደለም፡፡ ኢኤ ስፖርትስ እ.ኤ.አ መጋቢት 2021 ባበቃው የበጀት ዓመቱ ከአልቲሜት ቲም ብቻ (የአሜሪካ ፉትቦሉንና የበረዶ ሆኪውን ጨምሮ) ከ1.6 ቢሊዮን ዶላር በላይ ሰብስቧል፡፡ ይህን ያህል ብር የሚንቀሳቀስበት በር ላይ ዘበኛው ቢጠነክር አይገርምም፡፡

የየት አገር ልጅ ነህ?

ብዙ ሰው ካርዱ ሲመለስ መጀመሪያ የሚያስበው ሂሳቡን ነው፡፡ አንሶ ይሆን? ቆጥሬ ይሆን የተሳሳትኩት? የሱቁ የመጀመሪያ ጥያቄ ግን አገርን የሚመለከት ነው፡፡ ሦስት ነገሮች አንድ ማሊያ እንዲለብሱ ይፈልጋል፤ አካውንቱ የተከፈተበት አገር፣ ካርዱን የሰጠው ባንክ አገር እና የክፍያ አድራሻው፡፡ ከሦስቱ አንዱ የሌላ ቡድን ማሊያ ለብሶ ከገባ ጨዋታው ሊቆም ይችላል፡፡

የእኛ ሰው ችግር የሚጀምረው ከመጀመሪያው ላይ ነው፡፡ የፕሌይስቴሽን አካውንት ሲከፈት ከሚቀርቡት አገሮች ዝርዝር ውስጥ ኢትዮጵያ የለችም፡፡ ከሰሃራ በታች ካሉት አገሮች ደቡብ አፍሪካ ብቻ ነች ያለችው፡፡ ስለዚህ የአዲስ አበባው ልጅ አሜሪካን፣ እንግሊዝን ወይም የተባበሩት አረብ ኤምሬትስን መርጦ ይገባል፡፡ የኩባንያው ውል ደግሞ ትክክለኛ መረጃ ስጡ ነው የሚለው፡፡ ስለዚህ አንድ ችግር ተፈጥሮ ‹‹አካውንቴን መልሱልኝ›› ብሎ ለመከራከር ልጁ ገና ከጅምሩ 1 ለ 0 እየተመራ ነው፡፡ አንዴ የተመረጠ አገር ደግሞ በኋላ አይቀየርም፡፡ ሌላ አገር የፈለገ ሌላ አካውንት መክፈት አለበት፤ አሮጌው ላይ የሰበሰበው ቡድን እዚያው ይቀራል፡፡

የተረሳው አገር ብዛት ምን ያህል እንደሆነ ዓለም በደንብ ያየው እ.ኤ.አ በግንቦት 2024 ነው፡፡ ሶኒ ሄልዳይቨርስ 2 የተባለውን ጌም በኮምፒዩተር የሚጫወቱ ሁሉ የፕሌይስቴሽን አካውንት እንዲያያይዙ አዘዘ፡፡ ጌሙ ግን አካውንቱ በማይከፈትባቸው ከ170 በላይ አገሮችና ግዛቶች ውስጥም ይሸጥ ነበር፡፡ ተጫዋቹ በአንድ ድምፅ ጮኸ፣ ኩባንያውም በቀናት ውስጥ ውሳኔውን ሻረ፡፡ ቪኤአር አይቶ ውሳኔውን እንደቀየረ ዳኛ ማለት ነው፡፡ የአካውንቱ የአገሮች ዝርዝር ግን በዚያ ጩኸት አልረዘመም፡፡

ወደ ካርዱ እንመለስ፡፡ ካርድ ላይ ያሉት የመጀመሪያዎቹ 6 ወይም 8 አሃዞች እንዲሁ የተደረደሩ አይደሉም፡፡ ካርዱን የሰጠው ባንክ የትኛው እንደሆነና በየት አገር እንዳለ የሚናገሩት እነሱ ናቸው፡፡ ሱቁ ገና ባንኩን ሳይጠይቅ ቁጥሩን አይቶ ‹‹ይሄ የአዲስ አበባ ካርድ ነው፣ አካውንቱ ግን የአሜሪካ ነው›› ሊል ይችላል፡፡ በውስጡ ያለው ዶላር መሆኑ ካርዱን አሜሪካዊ አያደርገውም፡፡ መልቀቂያ ሳይዝ ለሌላ ክለብ ሊሰለፍ የመጣ ተጫዋች በሉት፡፡ ችሎታ አለው፣ ጫማውን አስሯል፣ ግን ወረቀቱ የለም፡፡

አድራሻው ሌላ ጣጣ ነው፡፡ በአሜሪካ፣ በካናዳና በእንግሊዝ ገዢው የጻፈው የቤት ቁጥርና የፖስታ ኮድ ባንኩ ጋ ካለው ጋር ይመሳከራል፡፡ ‹‹ከቶታል ዝቅ ብሎ፣ ከመስጊዱ ጀርባ›› እያለ አቅጣጫ ሲናገር ያደገ ልጅ ታዲያ የፖስታ ኮድ ሲጠየቅ ምን ይጽፋል? ያው በፊልም የሰማውን የቤቨርሊ ሂልስን 90210 ይጽፋል! አካውንቱ ይከፈታል፣ ጌሙም ይሠራል፡፡ ክፍያ ላይ ሲደረስ ነው ጉዱ የሚወጣው፡፡ እውነተኛ የአሜሪካ ካርድ ያለው ዘመድ እንኳ ልርዳህ ብሎ ቁጥሩን ቢሰጠው፣ የዘመድየው ባንክ የሚያውቀው አድራሻ ሌላ ስለሆነ ካርዱ ሊመለስ ይችላል፡፡

ፊሽካውን ማን ነፋው?

ክፍያ ሲሞከር ጥያቄው ረጅም ቅብብል ነው የሚያደርገው፡፡ ከሱቁ ወደ ክፍያ አቀነባባሪው ድርጅት፣ ከዚያ ወደ ቪዛ ወይም ማስተርካርድ፣ ከዚያ ካርዱን ወደሰጠው ባንክ፡፡ መልሱም በዚያው መንገድ ተመልሶ ይመጣል፡፡ ይሄ ሁሉ በጥቂት ሴኮንዶች የሚያልቅ ነው፡፡ ስለዚህ ቁም ነገሩ ኳሷ የት ላይ እንደተነጠቀች ማወቅ ነው፡፡

ቀላል ምልክት አለ፡፡ ባንኩ ለካርድ እንቅስቃሴ የስልክ መልዕክት የሚልክ ከሆነና ሙከራው ላይ መልዕክት ከመጣ ጥያቄው ባንክ ደርሷል ማለት ነው፡፡ ስልኩ ጭጭ ካለ ግን ሱቁ ራሱ በር ላይ መልሶት ሊሆን ይችላል፡፡ ያን ጊዜ ባንክ ሄዶ መጨቃጨቅ የመስመር ዳኛው ላይ መጮህ ነው፡፡

ባንክ ከደረሰ ደግሞ ባንኩ በቁጥር ነው የሚመልሰው፡፡ 51 ማለት ሂሳቡ አይበቃም፡፡ 54 ማለት ካርዱ ጊዜው አልፎበታል፡፡ በጣም የታወቀው 05 ነው፤ የካርዱ ባንክ ምክንያቱን ሳይዘረዝር አልፈቀድኩም ማለቱ ነው፡፡ እነዚህን የማሊያ ቁጥሮች ሱቁ ለገዢው አያሳይም፡፡ ባንክ ደውሎ ‹‹ካርዴ ለምን እምቢ አለ?›› ከማለት ‹‹የመለሳችሁት ኮድ ስንት ነው?›› ብሎ መጠየቅ ግን ነገሩን ያሳጥረዋል፡፡

ምክንያቱ ብዙ ጊዜ ተራ ነገር ሆኖ ይገኛል፡፡ ካርዱ በውጭ አገር ኤቲኤም ላይ ቢሠራም ለኦንላይን ግዢ አልተከፈተ ይሆናል፡፡ ወይም የቀን ገደቡ ከዋጋው ያንሳል፡፡ ወይም የማረጋገጫ ኮዱ የሚላከው ባለካርዱ ከዓመታት በፊት በጣለው የስልክ ቁጥር ላይ ነው፡፡ በብር ሂሳብ ላይ የተሰጠ የአገር ውስጥ ካርድ ከሆነ ግን ባይደክሙ ይሻላል፤ በአብዛኛው ለውጭ ሱቅ አይሠራም፡፡ እ.ኤ.አ በ2021 የመጣው ቴሌብርም አስቤዛ ይገዛል፣ የታክሲ ይከፍላል፣ ፕሌይስቴሽን ሱቅ ውስጥ ግን የሚያውቀው የለም፡፡

አንዳንዴ ደግሞ ካርዱም ባንኩም ምንም አላጠፉም፡፡ እ.ኤ.አ የካቲት 7 ቀን 2025 (እሱም አርብ ነበር) የፕሌይስቴሽን ኔትወርክ በመላው ዓለም ወድቆ አንድ ቀን ያህል ቆይቷል፡፡ ሶኒ ከተመለሰ በኋላ ለፕላስ አባላት አምስት ቀን ጨምሮላቸዋል፡፡ እንዲህ ባለ ምሽት ካርድ እየቀያየሩ መሞከር ባዶ ስታዲየም ውስጥ መጮህ ነው፡፡ የኔትወርኩን ሁኔታ የሚያሳየውን ገጽ አስቀድሞ ማየት ሁለት ደቂቃ አይፈጅም፡፡

ሱቁ እንዲህ ጠርጣራ የሆነው በከንቱ አይደለም፡፡ እ.ኤ.አ በሚያዝያ 2011 ሰርጎ ገቦች ኔትወርኩ ውስጥ ገብተው የ77 ሚሊዮን አካውንቶችን መረጃ ደርሰውበታል፡፡ አገልግሎቱም ለሦስት ሳምንት ያህል ተዘግቶ ነበር፡፡ በዚያ ላይ በተሰረቀ ካርድ ኦንላይን መግዛት በዓለም ላይ የዕለት ተዕለት ወንጀል ነው፡፡ ስለዚህ በአሜሪካ አካውንት፣ በሌላ አገር ካርድ፣ ቪፒኤን ተከፍቶ ከሦስተኛ አገር የመጣ የሚመስል ገዢ፣ በዚያ ላይ በአምስት ደቂቃ ውስጥ ደጋግሞ ሲሞክር ኮምፒዩተሩ ሌባ ነው ብሎ ቢያስብ ምን ይደረጋል? የእኛ ልጆች ደግሞ ማኅበራዊ ሚዲያ ሲዘጋ ያስለመዳቸውን ቪፒኤን ረስተው ክፍት ትተውት ነው የሚከፍሉት፡፡ ለመክፈል ሲባል ማጥፋት ነው፡፡

ተደጋጋሚ ሙከራ ሌላም ጉዳት አለው፡፡ አንዳንዴ ባንኩ ብሩን ለመክፈል ፈቅዶ ይይዘዋል፣ ሱቁ ግን በሌላ ምክንያት ግዢውን ይጥለዋል፡፡ ገንዘቡ አልተወሰደም፣ ግን ታስሯል፡፡ ለመፈታት ቀናት ይፈጅበታል፡፡ ሦስት ጊዜ የሞከረ ሰው ሦስት እጥፍ ሊታሰርበት ይችላል፤ ከዚያ በኋላ ‹‹ሂሳብህ አይበቃም›› ቢባል እውነት ነው፡፡ ሱቁም ሙከራ ሲበዛበት ካርዱን ለጊዜው ይዘጋዋል፡፡ ሁለት ጊዜ እምቢ ካለ ጆይስቲኩን አስቀምጦ አንድ ቀን ማሳደር ነው የሚሻለው፡፡ አርብ ማታ ውድድር ላለበት ሰው ይሄ ምክር እንደማይጥም ይታወቃል፡፡

ደግሞ ሁሉም እምቢታ የድሃ አገር ዕጣ አይምሰል፡፡ ቤልጂየም ውስጥ ያለ ተጫዋች ካርዱ በዩሮ ቢሞላም የአልቲሜት ቲም ነጥብ መግዛት አይችልም፡፡ የአገሪቱ ባለሥልጣናት እ.ኤ.አ በ2018 በውስጡ ምን እንዳለ ሳይታወቅ የሚገዛው የተጫዋቾች እሽግ ቁማር ነው አሉ፣ ኢኤም በጥር 2019 ሽያጩን እዚያ አቆመ፡፡ የብራስልሱ ልጅ ቡድኑን የሚሠራው እንደ ድሮው ተጫውቶ ባገኘው ሳንቲም ነው፡፡ እዚህም ቢሆን ያ መንገድ ክፍት ነው፡፡ ኢፉትቦል የተባለው የድሮው ፕሮ ኢቮሉሽን ሶከር ልጅም ከ2021 ጀምሮ በነፃ የሚወርድ ሆኗል፣ ኦንላይን ለመጫወትም ፕላስ አይጠይቅም፡፡ ኢኤን የለመደ እጅ ግን ኢፉትቦል ላይ ለሳምንት ያህል ኳሷን እያሳለፈ ለዳኛ ነው የሚሰጠው፡፡

ሲልቨር ስፕሪንግ ትድረስ

የገርጂው ልጅ ከሦስተኛው እምቢታ በኋላ ወደ ስልኩ ዞረ፡፡ በእንዲህ ያለ ሰዓት ሁለት መንገድ ነው ያለው፡፡ አንዱ ቴሌግራም ላይ የስጦታ ካርድ ኮድ በብር የሚሸጡ ሰዎች ናቸው፡፡ ከእነሱ ውስጥ በትክክል የሚሠሩ አሉ፡፡ ግን ኮዱ በተሰረቀ ካርድ የተገዛ ከሆነ የካርዱ ባለቤት ነገ ለባንኩ አቤት ይላል፣ ባንኩ ገንዘቡን ያስመልሳል፣ ጣጣው የሚወድቀው ኮዱን በሞላው አካውንት ላይ ሊሆን ይችላል፡፡ ከዚያም የባሱ አሉ፤ ‹‹የይለፍ ቃልህን ስጠኝ፣ እኔ ገብቼ ልግዛልህ›› የሚሉ፡፡ ይሄ የቤት ቁልፍ ለደላላ ሰጥቶ እንደመውጣት ነው፡፡ ብዙ የተደከመበት ቡድን፣ የተገዙት ጌሞች ሁሉ በአንድ ሌሊት የሌላ ሰው ይሆናሉ፡፡ ዋናው አደጋ እንግዲህ እዚህ ነው፡፡ የተመለሰ ካርድ ቢበዛ አንድ ቅዳሜና እሁድ ያስቀራል፤ የታገደ ወይም የተሰረቀ አካውንት ግን ሁሉንም ይዞ ነው የሚሄደው፡፡

ሁለተኛው መንገድ ዘመድ ነው፡፡ የልጁ አካውንት የተከፈተው ሜሪላንድ ሲልቨር ስፕሪንግ በምትኖረው የአክስቱ ልጅ አድራሻ ነበር፡፡ ደወለላት፡፡ እዚያ ገና ከሰዓት ነው፣ ሥራ ላይ ነች፡፡

‹‹ምነው፣ ሰላም አይደላችሁም እንዴ?›› አለች ደንግጣ፡፡

‹‹ሰላም ነን፡፡ ፕሌይስቴሽን ነው፡፡››

ከሳቀች በኋላ ስንት እንደሆነ ጠየቀችው፡፡ የአሜሪካው ዓመታዊ ፕላስ እ.ኤ.አ መስከረም 2023 ከ59.99 ወደ 79.99 ዶላር ከፍ ብሏል፡፡ ልጁም ‹‹80 ይበቃል›› አላት፡፡ ኮዱ የአሜሪካ መሆኑን አረጋግጣ ገዛችለት፤ የስጦታ ካርድም አገር አለው፣ የአሜሪካ ኮድ የእንግሊዝ አካውንት ላይ አይሞላም፡፡ አስራ ሁለቱን ፊደልና ቁጥር በመልዕክት ላከችለት፡፡ ሞላው፡፡ የሱቁ ቦርሳ ላይ 80 ዶላር ቁጭ አለ፡፡ ልጁ ሶፋው ላይ ዘለለ፡፡ ‹‹ግዛ›› የሚለውን ተጫነ…

ተመለሰ!

አሁን ደግሞ ምን ተፈጠረ? ቀረጥ! ሜሪላንድ እ.ኤ.አ ከመጋቢት 2021 ጀምሮ በዲጂታል ዕቃዎች ላይ 6 በመቶ የሽያጭ ታክስ ታስከፍላለች፡፡ ሱቁ ደግሞ ታክሱን የሚያሰላው አካውንቱ ላይ ባለው አድራሻ ነው፡፡ 79.99 የነበረው 84.79 ሆነ፡፡ የጎደለው አምስት ዶላር እንኳ አይሞላም፡፡ አድራሻው በኦሪገን ቢሆን ኖሮ እዚያ የሽያጭ ታክስ የሚባል ነገር ስለሌለ በ80 ዶላሩ ተገዝቶ አንድ ሳንቲም ይተርፍ ነበር፡፡ የአበሻ ዘመድ ግን ኦሪገን ሳይሆን ሜሪላንድ ነው ያለው፣ ምን ይደረጋል!

መልሶ ሊደውልላት ስልኩን አነሳና አስቀመጠው፡፡ አፈረ፡፡ ይሄኔ ነው በሩ አጠገብ ቆሞ ሁሉንም ሲያይ የነበረው ታላቅ ወንድሙ የተናገረው፡፡ ‹‹ቆይ፣ ዓመት ሙሉ የግድ ነው እንዴ? የአንድ ወር የለም?››

አለ፡፡ ለካ እዚያው ገጽ ላይ ከዓመቱ በላይ ተጽፎ ተቀምጧል፡፡ ዋጋው ከዓመቱ ጋር ሲተያይ ትንሽ ነው፣ ታክሱ ተጨምሮበትም ቦርሳው ላይ ካለው ገንዘብ ብዙውን አያስነካም፡፡ ልጁ ከምሽቱ 5 ሰዓት ላይ ገዛው፡፡ ክቡ አንዴ ዞሮ ‹‹እናመሰግናለን›› አለ፡፡ ወንድምየው ደግሞ በሙከራዎቹ ሳቢያ የታሰረበት ዶላር ካለ ለማጣራት ሰኞ ጠዋት ባንክ እንደሚሄድ፣ ትራንስፖርቱንም ማን እንደሚከፍል አስታውቆ ወደ መኝታው ገባ፡፡

የመጀመሪያው ጨዋታ 5 ሰዓት ተኩል ላይ ተጀመረ፡፡ ተጋጣሚው ከየት አገር እንደሆነ አይታወቅም፣ ቡድኑ ግን እስከ ተቀያሪ ወንበር ድረስ በወርቅ የተለበጠ ነበር፡፡ ልጁ 4 ለ 1 ተሸነፈ፡፡ አንዷንም ያገባት በፍፁም ቅጣት ምት ነው፡፡